የመድረኩ ኒካ

አባቴ በዕድሜው መድረክ ላይ የወጣው አንድ ቀን ብቻ ነው። በዚያችው ቀን ዳረኝ።

ይህን ስናገር የእህቴ ልጆች ይስቃሉ። ነገሩ እንዲገባቸው ደግሞ ሁልጊዜ ከቀበሌ ኪነት መጀመር ይኖርብኛል፤ እነሱ የሚያውቁት ስልካቸው ውስጥ የሚጨፍሩትን ሰዎች ብቻ ነው። በደርግ ጊዜ ደሴ ውስጥ እያንዳንዱ ቀበሌ የራሱ የኪነት ቡድን ነበረው። የአብዮት በዓል ሲቃረብ ቡድኖቹ ይወዳደራሉ። አንዱ ቀበሌ አጨዳ ይሠራል፣ አንዱ ዘመቻ፣ አንዱ የብሔረሰቦችን ጭፈራ ይደረድራል። በባሕር ዛፍ ቅጠልና በቀለም ወረቀት በተሸፈነ የጭነት መኪና ላይ ቆመን ከተማውን እየዞርን እንጨፍራለን፤ ከዚያ አዳራሽ ገብተን በዳኞች ፊት ትርዒታችንን እናሳያለን። ከኮምቦልቻ ሳይቀር ሰው በአውቶቡስ ዳገቱን ወጥቶ ይመጣ ነበር።

ያኔ አንድ ነገር አምልጦህ ከሆነ አመለጠህ ነው። መልሶ የሚያሳይህ የለም። ስለዚህ ሌላው ቀበሌ ምን እያዘጋጀ እንደሆነ አስቀድሞ ማወቅ ራሱን የቻለ ሥራ ነበር። የእኛ ሰፈር ሴቶች ወንፊት ለመዋስ ሦስት ቀበሌ አቋርጠው ይሄዳሉ፤ እውነቱን ለመናገር ወንፊት ያጣ ቤት አልነበረም፤ በአጥር ቀዳዳ ልምምድ ለማየት ነው። እነሱም የእኛን ሊያዩ ይመጡ ነበር። አንድ ጊዜ ሁለት ወንፊት ተዋሾች መንገድ ላይ ተገናኝተው፣ አንዷ የሌላዋን ወንፊት ይዛ፣ ሳይነጋገሩ ተላለፉ ተብሎ ስንት ቀን ተሳቀ።

እኔን ግን ከሁሉ በላይ የሚያንገበግበኝ የዳኞቹ ወረቀት ነበር። ሦስት ሰዎች ከፊት ረድፍ ተቀምጠው ቀና ይላሉ፣ አቀርቅረው ይጽፋሉ። ምንድን ነው የሚጽፉት? ከበሮው ሲመታ ለምን አይጽፉም? ዘፋኟ ስትሳሳት ሳይሆን ነጠላዋ ሲወድቅ ለምን ይጽፋሉ? እንዲህ ያለ ነገር ካላወቅሁ እንቅልፍ የማይወስደኝ ሰው ነኝ፤ እናቴ "አንቺ ልጅ ከሆድሽ ዓይንሽ ይርበዋል" ትለኝ ነበር።

በዚያ ዓመት የእኛ ቀበሌ የወሎ ሰርግ ሊሠራ ወሰነ። አሥራ አንደኛ ክፍል ነበርኩ። ሙሽራ ሆኜ የተመረጥኩት በቁንጅናዬ ነው ብዬ ብዋሽ ደስ ባለኝ፤ ግን ከእኔ የሚያምሩ ሁለት ልጆች ነበሩ። አንዷ ሰው ፊት ስትቆም ትስቃለች፤ ሌላዋ ታለቅሳለች። አሰልጣኛችን፣ ቀን ቀን ሒሳብ የሚያስተምር የቄስ ልጅ ነው፣ "ሙሽራዋ ዝም ብላ መቀመጥ የምትችል ትሁን" ብሎ እኔን አስቀመጠኝ። ጽሑፉ ላይም የእኔ ድርሻ አንድ መስመር ነበረች፤ "ሙሽራዋ አቀርቅራ ዝም ትላለች" ትላለች። ጽሑፉን የቀበሌው ፕሮፓጋንዳ ኃላፊ አንብቦ ማኅተም አድርጎበታል፤ ስለዚህ የእኔ ዝምታ ማኅተም ያለበት ዝምታ ነበር።

አባቴ አልፈቀደም። ሰኞ ገበያ በረንዳ ላይ በሲንጀር መኪና የሚሰፋ፣ ነገር የማያበዛ ሰው ነው። "የኔ ልጅ ሰው ተሰብስቦ አያያትም" አለ፤ በቃ። አሰልጣኙ ግን ብልጥ ነበር። አልተከራከረውም። "ግድ የለም፤ ሰርጉን ልክ አድርገን እንደሆን ብቻ መጥተው ይዩልን። እኔ የክርስቲያን ልጅ ነኝ፤ የእስላም ሰርግ ላይ ስህተት እንዳልሠራ" አለው። አባቴ አንድ እሑድ መጥቶ ከኋላ ቆመ። የሙሽራዋ አባት ሆኖ የሚጫወተው የጥጥ ጢም የለጠፈ የሃያ ዓመት ጎረምሳ ነበር። እግሩን አነባብሮ ተቀምጦ፣ እየሳቀ፣ አማቹን ትከሻውን መታ መታ ያደርገዋል።

አባቴ እስኪጨርስ መታገስ አልቻለም። "አባት እንዲህ አይቀመጥም!" ብሎ ወደፊት መጣ። "ልጁን የሚሰጥ ሰው ይስቃል እንዴ? ተነስ!" ጎረምሳው ተነሳ። አባቴ ምንጣፉ ላይ ተቀመጠ፤ ጀርባውን አቀና፣ እጁን ጉልበቱ ላይ አኖረ። አሰልጣኙ እስክሪብቶውን አወጣና የጎረምሳውን ስም ሰርዞ የአባቴን ጻፈ፤ የእኔም መከልከል በዚያው ቀረ። አባቴ የጥጥ ጢም አላስፈለገውም።

ሙሽራው ደግሞ ችግር ሆነብን። የራሳችን ሙሽራ ለብሔራዊ ውትድርና ተወሰደ። የቀሩት ወንዶች ወይ ከእኔ ያጥራሉ ወይ አፈሳ ፈርተው ከቤት አይወጡም። አንዲት የሰፈራችን ሴትዮ የእህቷን ልጅ ከኮምቦልቻ አመጣች፤ ፋብሪካ ውስጥ የሚሠራ ረጅም ቀጭን ልጅ ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ በአውቶቡስ ይመጣል፤ ጸጉሩ ላይ ሁልጊዜ የጥጥ ብናኝ አይጠፋም። ከልምምድ ውጭ ያወራነው ዘጠኝ ጊዜ ነው። ቆጥሬዋለሁ፤ ሌላ ነገር ግን አላልኩም። አንድ ቀን "ፋብሪካው ውስጥ ድምፁ እንዴት ነው?" ብዬ ጠየቅሁት። "መጀመሪያ ጆሮ ይደፍናል፤ ኋላ ግን ቤት ሲገቡ ጸጥታው ያስደነግጣል" አለኝ። እንደዚህ የሚመልስ ሰው ያኔ አላውቅም ነበር።

የውድድሩ ቀን ከሰዓት በኋላ አዳራሹ ጢም ብሎ ሞላ። ግማሹ በመስኮት ተንጠልጥሏል። እኔ ከቀበሌው መጋዘን በፊርማ የወጣ የብር ድሪ አንገቴ ላይ ተደርጎልኝ፣ ሻሽ ተከናንቤ፣ ምንጣፉ ዳር ተቀምጫለሁ። አባቴ መሐል ነው። ከግራና ከቀኙ ሁለት የሰፈራችን አባወራዎች፣ ሁለቱም የሚሰግዱ ሰዎች፣ ሽማግሌ ሆነው ተቀምጠዋል። ሙሽራው ፊት ለፊት ነው።

የአባቴ ቃል አጭር ነበር። "በአዲሱ ኅብረተሰብ በእኩልነትና በሥራ ኑሩ፤ ልጄን ሰጥቼሃለሁ" ማለት ነው። ሁለት ሳምንት ሙሉ መኪናው ላይ ተጎንብሶ እየሰፋ ሲሸመድደው ሰምቻለሁ። ሙሽራው ደግሞ "ተጋግዘን እንሠራለን" ይላል፤ ከበሮ ይመታል፤ ያልቃል።

ሰዓቱ ደረሰ። አባቴ አፉን ከፈተ፤ ምንም አልወጣም። ከመጋረጃ ጀርባ አሰልጣኙ "በአዲሱ... በአዲሱ..." እያለ ሲያንሾካሹክ ይሰማኛል። አቀርቅሬ የአባቴን እጅ ብቻ አያለሁ፤ ጉልበቱን ጨብጦታል። ከዚያ እጁ ተፈታ። "ቢስሚላህ" አለ።

ከዚያ በኋላ የመጣው ከወረቀቱ አንድም ቃል የለውም። አባቴ እንዲህ ላለ ቦታ የሚያውቀው አንድ ንግግር ብቻ ነበር፤ እሱን ተናገረ። ስሜን ከራሱና ከአያቴ ስም ጋር ጠራ። መህሩ፣ ለሙሽራዋ የሚሰጠው ጥሎሽ፣ ምን እንደሆነ ጠየቀ፤ ሙሽራው ግራ ገብቶት አንገቴ ላይ ወዳለው ድሪ ጠቆመ። አባቴ የሙሽራውን እጅ ያዘና "ልጄን በአሏህ ትእዛዝ፣ በነቢዩ ሱና፣ በዚህ መህር ድሬልሃለሁ" አለ። ልጁም፣ ሰው ሰላም ሲለው እንደሚመልስ፣ "ተቀብያለሁ" አለ። አባቴ እጁን ለዱዓ ዘረጋ። አዳራሹ በሙሉ፣ እስላሙም ክርስቲያኑም፣ በመስኮት የተንጠለጠለውም፣ "አሚን!" አለ።

እኔ አቀርቅሬ ዝም ብያለሁ።

አንደኛ ወጣን። ሰው ሲተራመስ ዓይኔን በጨው አጥቤ ወደ ዳኞቹ ጠረጴዛ ሄድኩና ወረቀቱን አነበብኩት። "የሙሽራዋ አባት የሆነው ጓድ አተዋወን እጅግ የሚደነቅ፤ እንባ የሚያስመጣ። ሆኖም ከጽሑፉ ውጭ ሃይማኖታዊ ቃል ስለገባ ለወደፊቱ ይታረም" ይላል። ስንት ዓመት የጓጓሁለት ወረቀት ይኸው ነበር። ስለ እኔ የተጻፈ የለም። ትንሽ ከፋኝ።

ሰኞ ሲደርስ ከቦሩ ሜዳ የመጣው ገበያተኛ ወሬውን ይዞ ተመለሰ። የሚወራው ግን ትርዒቱ አልነበረም። ወሬው በየአፉ ሲያልፍ አዳራሹ ቀረ፣ ዳኞቹ ቀሩ፣ የቀበሌው ኪነት ቀረ፤ የደረሰው "ልብስ ሰፊው ልጁን ለኮምቦልቻ ሰው ዳረ" የሚለው ብቻ ነው። ማክሰኞ ጠዋት የአባቴ ታላቅ ወንድም ከቦሩ ሜዳ ሙክት እየጎተተ በራችን ላይ ቆመ።

"ልጅህን ድረህ፣ እኔን ወንድምህን ሳትጠራ!" አለ። "ወላሂ ከገበያ ነው የሰማሁት! ምን በደልኩህ?"

አባቴ ሳቀ። "ኧረ ጨዋታ ነው፤ ኪነት ነው" ብሎ የሆነውን ሁሉ ነገረው። አጎቴ ግን አልሳቀም። የበጉን ገመድ በር ላይ አሰረና ተቀመጠ።

"የምትድራት ወልይዋ አንተ ነህ?"

"እኔ ነኝ።"

"ምስክር ነበር?"

"ሁለት ነበሩ።"

"መህር ተጠርቷል?"

አባቴ ሳቁን ተወ።

"ኒካ በጨዋታም ቢሆን ኒካ እንደሆነ አታውቅም እንዴ?" አለ አጎቴ፤ አሁን ድምፁ ዝቅ ብሏል። "ይች ልጅ የሰው ሚስት ናት ወንድሜ።"

እኔ በጓዳ በር ጆሮዬን ጥዬ ነበር። መጀመሪያ ሳቄ መጣ። ቀጥሎ ግን የሚመጣውን ቆጠርኩ። ሚስት ከሆንኩ ከሁለት መንገድ አንዱ ይጠብቀኛል። ወይ ትምህርቴን ትቼ ኮምቦልቻ እወርዳለሁ፤ ወይ ልጁ ይፈታኝና በአሥራ ስምንት ዓመቴ፣ ባል ሳላይ፣ ፈት እባላለሁ። ፈት ለሆነች ሴት በእኛ ሰፈር የሚላከው ሽማግሌ ሚስቱ የሞተችበት የስድስት ልጆች አባት የሚልከው ነው። አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ የመምህራን ማሠልጠኛ ልገባ ነበር ሐሳቤ። እንግዲህ በአንዲት መስመር ዝምታ ያ ሁሉ ሊሄድ ነው።

ግን ልዋሽ አልችልም፤ ከፍርሃቴ ይልቅ የበለጠብኝ ለማወቅ መጓጓቴ ነበር። እውነት ሚስት ነኝ? ከትናንት ወዲያ ያልነበርኩትን ነገር ሳላውቀው ሆኛለሁ? መስታወት ፊት ቆሜ ራሴን አየሁ። ያው ነኝ። እናቴን "ስትዳሪ የተለወጠ ነገር ተሰምቶሽ ነበር?" ብዬ ብጠይቃት "ጫማው ጠቦኝ ነበር" አለችኝ።

አባቴ ግን ሰው መሆኑ ቀረ። የአንዱን ደንበኛ ኮት ግራ እጀታ በቀኝ ሰፋው። ምግብ ሲቀርብለት "ቆይ" ይላል። እኔን ዓይን ለዓይን ማየት ተወ፤ ይህ ከሁሉ የባሰ ሆነብኝ።

ሐሙስ ከዙህር ሶላት በኋላ ነገሩ ሸሁ ዘንድ ቀረበ። ሸሁ በሰፈራችን የሚከበሩ፣ ዓይናቸው የደከመ፣ ጆሯቸው ግን ምንም የማያመልጠው ሽማግሌ ነበሩ። አባቴ፣ አጎቴ፣ ሁለቱ ምስክሮች፣ ልጁ ከአክስቱ ጋር ተሰበሰቡ። እኔ ከሴቶቹ ጋር ከመጋረጃው ወዲህ ነኝ። አሰልጣኙም መጥቶ ነበር፤ ማኅተም ያለበትን ጽሑፍ ይዞ፣ በጣም ተጨንቆ፣ "ጥፋቱ የኔ ነው ሸሆቼ" ይላል።

ሸሁ ጽሑፉን እንዲነበብላቸው አደረጉ። ከዚያ አባቴን ጠየቁት።

"ድሬልሃለሁ ስትል እየተጫወትክ ነበር?"

እኔ "አዎ በል" እያልኩ በልቤ እማጸናለሁ። አንድ ቃል ነው። ሁላችንም እንገላገላለን።

"አልነበረም ሸሆቼ" አለ። "አልዋሽም። ያስጠናኝን ረሳሁት። ደንግጬ ቀና ስል ልጄን ተሸፍና አየኋት፤ ሰዉም የለም፣ መድረኩም የለም መሰለኝ። አንድ ቀን ለሰው መስጠቴ አይቀርም ብዬ ሳስበው የኖርኩት ነገር የደረሰ መሰለኝ። ከልቤ ነው ያልኩት።" አባቴ ሲያለቅስ የሰማሁት ያን ቀን ነው፤ ከመጋረጃው ወዲህ ሆኜ እኔም አብሬው አለቀስኩ።

ሸሁ ወደ ልጁ ዞሩ። "አንተስ? ወረቀቱ ተጋግዘን እንሠራለን በል ነው የሚልህ። ተቀብያለሁን ከየት አመጣኸው?"

"እንደተጠየቅሁት መለስኩ" አለ። ሌላ አልጨመረም። ሸሁ ጥቂት ጠበቁትና ተዉት።

"እንግዲህ" አሉ ሸሁ፣ "አባትየው ከወረቀቱ ወጥቷል፤ ልጁም ወጥቷል። በወረቀቱ ያለውን ያደረገች አንድ ሰው ብቻ ናት። ልጅቱን ጥሩልኝ።"

ወጥቼ በሩ ላይ ቆምኩ። አጎቴ "እሷ ምን ትጠየቃለች?" ሲል ሰማሁት። ሸሁ በእጃቸው ዝም አሰኙት።

"አብሽሪ የኔ ልጅ፤ አትፍሪ" አሉኝ። "የልጃገረድ ዝምታ እሺታ ነው። ይህን ሁሉም ያውቃል። እኔ የምጠይቅሽ ሌላ ነው። ያን ቀን ዝም ስትዪ፣ ዝምታው ያንቺ ነበር ወይስ የወረቀቱ?"

በዕድሜዬ እንዲህ ያለ ነገር የጠየቀኝ ሰው አልነበረም። ታላቅ እህቴ ስትዳር ከጎኗ ነበርኩ፤ እሷን የጠየቃት አላየሁም። የሰፈራችንም ሴቶች፣ እናቴም፣ አቀርቅረው ዝም ብለው ነው የተዳሩት፤ ዝምታው የማን እንደሆነ የመረመረው የለም። እኔን ሊጠይቁኝ የቻሉት መድረክ ላይ ስለተዳርኩ ነው። ቤታችን ቢሆን ኖሮ ማን ይጠይቀኝ ነበር? ይህን እዚያው በሩ ላይ ቆሜ አሰብኩት፤ ተናደድኩም።

አሁንም ዝም ካልኩ እንደምዳር ገባኝ። ልጁ አቀርቅሯል። ጸጉሩ ላይ ጥጥ የለም፤ ለሐሙሱ ታጥቦ መጥቷል።

"የወረቀቱ ነበር" አልኩ።

ሸሁ ራሳቸውን ነቀነቁ። "እንግዲያው ልጅቱ አልፈቀደችም፤ ፈቃዷ የሌለበት ኒካ የለም። እንደ ነበረች ልጃገረድ ናት፤ የሚፈታትም አያስፈልጋትም። ከዚህ ወዲያ ማንም ሌላ ስም እንዳያወጣላት" አሉ፤ ይህን ሲሉ ወደ አጎቴ ነበር የሚያዩት። አጎቴ ሲጨንቀው "በጉስ?" አለ። "በጉማ ለዱዓ ይታረድ" አሉት። ሁሉም ሳቀ፤ አሰልጣኙ ከሁሉ በላይ ሳቀ። አባቴ ቀና ብሎ አየኝ። ፊቱ ላይ እፎይታ ነበር፤ ከእፎይታው ጎን ግን ሌላም ነገር ነበር፤ የሰጠው ስጦታ የተመለሰበት ሰው ፊት። እጁን ልስመው ስጠጋ ራሴን ደባበሰኝ።

ሰው ሲወጣ እኔም ከሴቶቹ ኋላ ወጣሁ። ልጁ በሩ ላይ ጎንበስ ብሎ የጫማውን ማሰሪያ ያስራል። አክስቱ ቀድማ ወጥታ "ቶሎ በል፤ የኮምቦልቻ አውቶቡስ ያመልጥሃል" እያለች ነው። ቀና ሳይል፣ ለእኔ ብቻ በሚሰማ ድምፅ ተናገረ።

"እኔስ የምሬን ነበር" አለ። "ውስጥ ያልተናገርኩት አንቺ እንደ ልብሽ እንድትመልሺ ብዬ ነው።"

ማሰሪያውን ፈታና እንደገና አሰረው። መልስ እየጠበቀ እንደነበር አውቃለሁ። እኔ ያን ሁሉ ነገር ስጠይቅ የኖርኩት ሰው፣ ምን ብዬ ልጠይቀው፣ ምን ብዬ ልመልስለት? አክስቱ ደግማ ጠራችው። ተነሥቶ ሄደ፤ ጥጉ ጋ ሲደርስ እንኳ አልዞረም።

ያን ጊዜ ዝም ያልኩት ማንም ጽፎልኝ አልነበረም። ዝምታው የራሴ ነበር፤ የማን ነው ብሎ የጠየቀኝ ግን አልነበረም።